«ሠላሳ ብር» ስንት ነው? ስለ ብርና ስለ አሞሌ ለመምህራነ ትምህርተ ክርስቶስ



በሰሙነ ሕማማት የይሁዳን ክሕደት ስናስተምር ሕፃናት «ጌታን የሸጠው በሠላሳ ብር ብቻ ነውን?» ብለው ይጠይቃሉ። ዛሬ ሠላሳ ብር እምብዛም ስለማይገዛ ጥያቄው ተገቢ ነው። መልሱ ከቃሉ ታሪክ ይጀምራል።

«ብር» አስቀድሞ የማዕድኑ ስም ነው፤ ግዕዙ «ብሩር» ይለዋል። በአገራችን የብር ገንዘብ በአክሱም ዘመን ይታተም ነበር፤ ንጉሥ ኢዛናም በ4ኛው መቶ ዓመት ክርስትናን ሲቀበል በገንዘቡ ላይ የነበረውን የጨረቃ ምልክት አንሥቶ መስቀልን አስቀርጿል። በ7ኛው መቶ ዓመት የአክሱም ገንዘብ ሲያበቃ የደጋው ሕዝብ ለብዙ ዘመን በአሞሌ ጨው ተገበያየ።

አሞሌው ከአፋር በረሃ ተቆርጦ በጭነት ከብት ወደ ደጋ ይወጣ ነበር፤ ሰቆጣም ከታወቁት የጨው ገበያዎች አንዷ ነበረች። እ.ኤ.አ. በ1520 ወደ አገራችን የመጣው ፖርቱጋላዊው ካህን ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ፣ ጨው እንደ ገንዘብ እንደሚሠራና ከመገኛው በራቀ ቁጥር ዋጋው እንደሚጨምር ጽፏል። ስለዚህ አሞሌ በዋግ ከሩቁ አገር ይልቅ ርካሽ ነበር ማለት ነው። ችግሩ ግን ይሰበራል፤ በክረምትም ይሟሟል። ለትልቅ ክፍያ ደግሞ ሸክሙ አይቻልም።

ይህን ጉድለት የሞላው ማርትሬዛ ነው። የኦስትሪያ ንግሥት ማርያ ቴሬዛ እ.ኤ.አ. በ1780 ዐረፈች፤ ምስሏን የያዘው ጠገራ ብር ግን ያንኑ ዓመት ተጽፎበት መታተሙን ቀጠለ። ክብደቱ 28 ግራም ያህል ሲሆን፣ ከስድስት እጅ አምስቱ ንጹሕ ብር ነው። ነጋዴው በንግሥቲቱ ጌጥ ላይ ያሉትን ፈርጦች እየመረመረ የተፋቀውን ይመልስ ነበር። ዳግማዊ ምኒልክ በ1887 ዓ.ም. የራሳቸውን ብር ቢያሳትሙም ገበያው የለመደውን ቶሎ አልተወም። አንጥረኞችም ማርትሬዛውን አቅልጠው የአንገት መስቀል ይሠሩበት ነበር፤ በአያቶቻችን አንገት ያየነው መስቀል አንዳንዱ ቀድሞ የዚህች ካቶሊካዊት ንግሥት መልክ የነበረበት ብር ነው።

ወደ ወንጌሉ እንመለስ። ቅዱስ ማቴዎስ (26፥15) የሚናገረው ስለ ማዕድኑ ብር ነው። ብዙ ሊቃውንት የጢሮስ ሰቅል እንደሆነ ይገምታሉ፤ አንዱ 14 ግራም ያህል ይመዝናል። ሠላሳው 420 ግራም፣ የ15 ማርትሬዛ ክብደት መሆኑ ነው። አንዱ ሰቅል በ4 ዲናር ቢታሰብ 120 ዲናር ይሆናል፤ ዲናርም የአንድ ቀን ሠራተኛ ደመወዝ እንደነበረ ከወይኑ አትክልት ምሳሌ (ማቴ. 20፥2) እናውቃለን። እንግዲህ ገንዘቡ ቀላል አይደለም፤ ለድሃ የአራት ወር እንጀራ ነው። ይሁን እንጂ ኦሪት (ዘጸ. 21፥32) በሬ ወግቶ ለገደለው ባሪያ የወሰነችው ካሣ ይኸው ሠላሳ ሰቅል ነው። ሊቃነ ካህናቱ ጌታን የገመቱት በባሪያ ዋጋ ነበር።

በክፍል ስታስተምሩ በኒሯቅም ሆነ በሰቆጣ የቀን ሠራተኛ ዛሬ የሚከፈለውን ጠይቁና ልጆቹ ራሳቸው በ120 ያባዙት። ከዚያ በኋላ የዘካርያስን ትንቢት (11፥12-13) አንብቡላቸው።