ተቆርጦ የተቀጠለው ፊልም

ድሮ ፊልም የሚነሣው በረጅም ጥብጣብ ላይ ነበር። ጥብጣቡ ላይ ትንንሽ ፎቶግራፎች ተደርድረዋል። በመብራት ፊት በፍጥነት ሲያልፉ ሥዕሎቹ የሚንቀሳቀሱ ይመስላሉ። በአንድ ሴኮንድ 24 ፎቶግራፍ ያልፋል፤ ዓይን አንዱን ከአንዱ መለየት አይችልም።

ጥብጣብ ደግሞ እንደ ገመድ ይቆረጣል፤ ይቀጠላልም። ዋናው ነገር ያለው እዚህ ላይ ነው። ደብረ ማርቆስ ገበያ ጤፍ የሚሸጥ ገበሬ በፊልም ተነሣ እንበል። ከእርሱ ቀጥሎ የሞላ ጎተራ ብናይ፣ «ተርፎት ነው የሚሸጠው» እንላለን። በጎተራው ፈንታ የታመመ ልጅ ብናይ፣ «ቸግሮት ነው እንጂ» እንላለን። ገበሬው ያው ነው፤ ጤፉም ያው ነው። የተለወጠው ከጎኑ የተቀመጠው ሥዕል ነው።

ይህ ነገር በአገራችን ትልቅ ሥራ ሠርቷል። በ1965 ዓ.ም. ወሎ ውስጥ ዝናብ ጠፋ። ብዙ ሺህ ሰው በረሃብ አለቀ። መንግሥት ግን ነገሩን ደበቀው። ጆናታን ዲምብልቢ የሚባል እንግሊዛዊ ጋዜጠኛ ወሎ ሄዶ የተራቡትን በፊልም አነሣ። ፊልሙ በጥቅምት 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ አገር በቴሌቪዥን ታየ። ያዩት ሰዎች አዘኑ፤ ገንዘብም አዋጡ።

ያ ዓመት ብዙ ነገር ያየ ዓመት ነው። በየካቲት ወታደሩ፣ መምህሩ፣ ተማሪውና ታክሲ ነጂው ተነሣ። በሰኔ ደርግ ተቋቋመ። ዓመቱ አልቆ አዲሱ ሲገባ፣ መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ፣ ያው ፊልም በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ታየ። እንደ ነበረ ግን አልታየም። በመሐል በመሐሉ የቤተ መንግሥት ድግስ ተቀጠለበት። አጥንቱ የወጣ ልጅ ይታያል፤ ወዲያው ደግሞ ንጉሡ ለውሾቻቸው ሥጋ ሲሰጡ ይታያል። በማግስቱ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከዙፋናቸው ወረዱ።

ፊልሙ ብቻውን ንጉሥ አላወረደም፤ ወታደሩ አስቀድሞ ወስኖ ነበር። ፊልሙ ያደረገው ሰው እንዳያዝንላቸው ነው። ያየውም ቢሆን ቴሌቪዥን ያለው ጥቂት የከተማ ሰው ነው። የጎጃም ገበሬ የንጉሡን መውረድ የሰማው በሬዲዮ ወይም ከሰው አፍ ነው። ሬዲዮ እኮ ሥዕል የለውም።

ታዲያ ፊልሙ ውሸት ነበር? ረሃቡ እውነት ነው። ድግሱም እውነት ነው። ሁለቱ ግን በአንድ ቦታ፣ በአንድ ቀን የተነሡ አይደሉም። ጎን ለጎን ያስቀመጣቸው የሰው እጅ ነው። ያ እጅ የፈለገውን ይቀጥላል፤ ያልፈለገውን ይተዋል። በመስከረም 1977 ዓ.ም. ደርግ አሥረኛ ዓመቱን በትልቅ ድግስ ሲያከብር፣ በወሎና በትግራይ ሕዝብ እንደገና በረሃብ ያልቅ ነበር። ያን ጊዜ ድግሱንና ረሃቡን ቀጥሎ በኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ያሳየ የለም።

ጥያቄ፦ ፊልሙ በእንግሊዝ አገር ሲታይ ሰዎች ምን አደረጉ? አዲስ አበባ ላይ ሲታይስ ምን ተጨመረበት? እናንተ ስለ ቀበሌያችሁ ፊልም ብታነሡ፣ ጤፍ ከሚሸጠው ገበሬ ቀጥሎ ምን ታሳያላችሁ?