ዳቦ ቆሎ፦ የማይሻግት ስንቅ

በጋይንት፣ በስማዳና በእስቴ ብዙ የገበሬ ልጆች የሁለተኛ ደረጃ ትምህርት የሚማሩት ከቤታቸው ርቀው ነው። ወደ ነፋስ መውጫ፣ ወደ አርብ ገበያ፣ ወደ ወገዳ ወይም ወደ መካነ ኢየሱስ ሄደው ቤት ይከራያሉ። ስንቃቸውን ከቤት ይዘው ይሄዳሉ።

እንጀራ ግን እርጥብ ምግብ ነው። ሦስት አራት ቀን ሲያድር ይሻግታል። ታዲያ ልጁ ሰኞ ጠግቦ፣ ሐሙስ ተርቦ ይማራል። የራበው ተማሪ ሰሌዳውን ቢያይም ትምህርቱ አይገባውም። ስለዚህ የስንቅ ነገር የትምህርት ነገር ነው።

የሻገተውን ፍቆ መብላትስ? አይሆንም። ሻጋታ ሕይወት ያለው ነገር ነው። ዘሩ በነፋስ ይበናል፤ እርጥብ ምግብ ላይ ሲያርፍ ይበቅላል። ከላይ ብንፍቀውም ሥሩ ውስጥ ይቀራል። አንዳንዱ ሻጋታ ጉበትን የሚጎዳ መርዝ አለው። መርዙ ምግቡን መልሰን ብናሞቀው አይጠፋም።

ነገር ግን ዘር ያለ ዝናብ እንደማይበቅል ሁሉ፣ ሻጋታም ያለ እርጥበት አይበቅልም። አያቶቻችን ይህን ስለሚያውቁ ለዘማችና ለነጋዴ በሶና ዳቦ ቆሎ ይሰንቁ ነበር። በሌላ አገርም እንዲሁ ነው። በድሮ ዘመን የአውሮፓ መርከበኞች ለረጅም ጉዞ ደረቅ ብስኩት ይይዙ ነበር። ብስኩት የሚለው ስም የመጣው «ሁለት ጊዜ የበሰለ» ከሚል የላቲን ቃል ነው።

ዳቦ ቆሎ እንዲህ እንሠራለን።

የሚያስፈልገን፦ 4 ብርጭቆ የስንዴ ዱቄት፣ 1 የሻይ ማንኪያ ጨው፣ 2 የሾርባ ማንኪያ ስኳር ወይም ማር፣ 4 የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ ለብ ያለ ውሃ። በዘይት ስለሚሠራ በጾምም ይበላል።

1. እጃችንን በሳሙና እንታጠብ።
2. ዱቄቱን፣ ጨውን፣ ስኳሩንና ዘይቱን በደንብ እንሸው።
3. ውሃውን ጥቂት በጥቂት እየጨመርን እናቡካ። ሊጡ ጠንከር ይበል። ውሃ ከበዛበት ቶሎ አይደርቅም።
4. ሊጡን ሸፍነን ሩብ ሰዓት ያህል እናቆየው።
5. እንደ እርሳስ አቅጥነን እናድቦልብለው። ከዚያም በባቄላ ፍሬ ልክ እንቁረጠው።
6. በምጣድ ላይ በዝግተኛ እሳት እያገላበጥን እናምሰው። እሳቱ ከበረታ ውጭው ያራል፤ ውስጡ ግን ጥሬ ይሆናል።
7. አንዱን አውጥተን፣ ቀዝቅዞ እንስበረው። ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ደርሷል። ውስጡ ከለሰለሰ ወደ ምጣዱ እንመልሰው።
8. ሁሉም ፈጽሞ ሲቀዝቅዝ በደረቅና ክዳን ባለው ዕቃ እናስቀምጠው። ትኩሱን ብንከድነው በእንፋሎቱ ይረጥባል።

እንዲህ የተሠራ ዳቦ ቆሎ ሳምንታት ይቆያል። ልጁም ዕቃውን በከፈተ ቁጥር መልሶ ይክደነው፤ በእርጥብ እጅም አይዝገን።

ሆኖም ዳቦ ቆሎ ብቻውን ሙሉ ምግብ አይደለም። ገላን የሚገነባ ምግብ እንዲኖር የሽምብራና የባቄላ ቆሎ፣ እንዲሁም የሽሮ ዱቄት አብረን እንሰንቅለት። ንጹሕ ውሃም አብዝቶ ይጠጣ።

የእናትና የአባት ድካም ልጁ ትምህርቱን ሲጨርስ ፍሬ ያፈራል። አንድ ቀን በምጣድ ዳር መዋል ለዚህ ፍሬ የሚከፈል ትንሽ ዋጋ ነው። ምጣዱም የእናት ብቻ አይሁን፤ አባትም ያምስ፣ ተማሪውም ሊጡን ይቁረጥ።

ጥያቄዎች
1. እንጀራ ቶሎ የሚሻግተው ለምንድን ነው?
2. ዳቦ ቆሎ መድረሱን በምን እናውቃለን?
3. ትኩስ ዳቦ ቆሎ ቢከደን ምን ይሆናል?