ስለ ተሸነፈ ቡድን

ከመርሳ በስተ ሰሜን፥ በወልድያ ከተማ፥ ከ25 ሺህ የሚበልጥ ተመልካች የሚይዝ ታላቅ የኳስ ሜዳ አለ። ሜዳው በሼህ ሙሐመድ አል አሙዲ ስም ተሰይሞ በጥር 2009 ዓ.ም. ተመረቀ። ልጆች ሆይ፥ ሜዳ ግን ምንም ቢያምር ግብ አያገባም። የከተማው ቡድን በ2007 ዓ.ም. ከአገሪቱ ታላላቅ ቡድኖች ጋራ ተሰልፎ ወርዶ ነበር፤ እንደ ገና ወጥቶ በ2009 ተጫወተ፤ በ2010 ግን ከአርባ ምንጭና ከኤሌክትሪክ ጋራ ሁለተኛ ወረደ። በዚያው ዓመት የጅማ አባ ጅፋር ቡድን ከታች በመጣበት በመጀመሪያው ዓመት ዋንጫውን ወሰደ።

መውረድ ምን እንደ ሆነ ለማያውቅ ልጅ እንንገረው። በ2010 ዓ.ም. በታላቁ ማዕረግ 16 ቡድኖች ነበሩ። እያንዳንዱ ከቀሩት ከ15ቱ ጋራ ሁለት ሁለት ጊዜ፥ አንድ ጊዜ በአገሩ፥ አንድ ጊዜም በእንግድነት ይጋጠማል፤ ይህም 30 ጨዋታ ነው። ያሸነፈ 3 ነጥብ፥ እኩል የወጣ 1 ነጥብ ያገኛል፤ የተሸነፈ ምንም አያገኝም። ዓመቱ ሲፈጸም ብዙ ነጥብ ያለው ዋንጫውን ይቀበላል፤ ከሁሉ በታች ያሉት ሦስቱ ይወርዳሉ።

እንግዲህ 30 ጨዋታ ረጅም ነገር ነው። አንድ ጊዜ መሸነፍን ሰው ሁሉ ይችለዋል፤ እሑድ ተሸንፎ ሰኞ ለልምምድ መነሣት፥ በሚቀጥለው ሳምንትም ተሸንፎ ደግሞ መነሣት ግን ሌላ ነው። በዚህ ጊዜ ጠብ በቡድኑ መካከል ይገባል። አጥቂው ተከላካዩን፥ ተከላካዩ በረኛውን፥ ሁሉም ዳኛውን ይወቅሳሉ፤ ከተመልካቹም መካከል ድንጋይ የሚያነሣ አይጠፋም። ድንጋይ የሚወረውር ሰው ኳስ ሊያይ አልመጣምና ተመልካች ተብሎ መጠራቱ አይገባውም። ዳኛውም ቢሳሳት የቡድኑ አለቃ በጨዋ ቃል ይነግረዋል፤ ሌሎቹ ወደ ቦታቸው ይመለሳሉ።

ነገር ግን ከዚህ ሌላ ድምፅ የሌለው ጥፋት አለ፤ ይኸውም «መውረዳችን ላይቀር ስለ ምን እንደክማለን?» እያሉ በሜዳ ላይ እንዲያው መቆም ነው። እንዲህ የሚል ተጫዋች ራሱን ብቻ የሚጐዳ ይመስለዋል። እስኪ በቍጥር እንየው።

የመርሳ፥ የውርጌሳና የስሪንቃ ልጆች ለአንድ ዋንጫ ይጋጠማሉ እንበል። መርሳ ከውርጌሳ ጋራ በብርቱ ታግሎ 1 ለ 0 ተሸነፈ። ውርጌሳና ስሪንቃ 1 ለ 1 ተለያዩ። በመጨረሻ መርሳ ከስሪንቃ ጋራ ሲገናኝ ዋንጫው እንዳመለጠው አውቆ ሰነፈ፤ በረኛው እጁን አጣጥፎ ቆመ፤ ስሪንቃም 6 ለ 0 አሸነፈ። አሁን ውርጌሳና ስሪንቃ እኩል 4 ነጥብ አላቸው። ነጥብ እኩል ሲሆን ግብ ይቈጠራል፤ ስለዚህ ዋንጫው ወደ ስሪንቃ ሄደ። የውርጌሳ ልጆች ምን በደሉ? እነርሱን በብርቱ የታገለ ቡድን ለሌላው በሩን ከፍቶ ሰጠባቸው። የተሸነፈ ቡድን ለራሱ የሚያገኘው ነገር ባይኖርም፥ በሌሎቹ መካከል ያለው ፍርድ በእጁ ነው።

ይህ ነገር በአገራችን ቡድን ታሪክ ደግሞ በሌላ መልክ ይታያል። በ1949 ዓ.ም. የአፍሪካ ዋንጫ በካርቱም ሲጀመር የሚጋጠሙት አገሮች ግብፅ፥ ሱዳን፥ ኢትዮጵያና ደቡብ አፍሪካ እንዲሆኑ ታስቦ ነበር። ደቡብ አፍሪካ ነጭና ጥቍር በአንድነት ያሉበትን ቡድን አልልክም ስላለች ከጨዋታው ወጣች፤ ኢትዮጵያም ተጋጣሚዋ ስለ ቀረ ሳትጫወት ለመጨረሻው ግጥሚያ ደረሰች። በዚያም ግብፅ 4 ለ 0 አሸነፈቻት፤ አራቱንም ግብ ያገባው አድ ዲባ የሚባል አንድ ተጫዋች ነበረ። በ1951 ዓ.ም. ጨዋታው በካይሮ ሆነ። ቡድናችን ሄደ፤ ግብፅ ዳግመኛ 4 ለ 0፥ ሱዳንም 1 ለ 0 አሸነፉት። በሦስት ጨዋታ ዘጠኝ ግብ ገባበት፤ እርሱ አንድ ስንኳ አላገባም።

አንባቢ ሆይ፥ ይህን ቍጥር አይተህ ለመሳቅ አትቸኵል። በካይሮ የተገኙት አገሮች ሦስት ብቻ ነበሩ። ኢትዮጵያ «በካርቱም ያፈርነው ይበቃናል» ብላ ብትቀር ኖሮ ሁለት ይቀሩ ነበር። እናትህ ድስቱን የምትጥድበትን ምድጃ ተመልከት፤ ጉልቻው ሦስት ነው፤ ከሦስቱ ትንሹም ቢነሣ ድስቱ ይደፋል።

በጥር 1954 ዓ.ም. ይኸው ቡድን በይድነቃቸው ተሰማ እየተመራ በአዲስ አበባ ቱኒዚያን 4 ለ 2፥ ግብፅንም በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 አሸነፈ፤ የቡድኑ አለቃ ሉቺያኖ ቫሳሎም ዋንጫውን ከንጉሠ ነገሥቱ እጅ ተቀበለ። ይህ ደስ የሚያሰኝ ነው፤ ነገር ግን ድሉ ባይመጣም ኖሮ የካይሮው ጉዞ ከንቱ ነበረ አይባልም። በዚያ በ1954 ቱኒዚያና ኡጋንዳም መጥተው ለዋንጫው የተሰለፉት አራት ሆኑ፤ ከ2011 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ 24 አገሮች ይሰለፉበታል።