ሚዛኑ የሚለካው ምንድን ነው?

ከመገናኛ ወደ ኮተቤ በሚወስደው ጎዳና፣ እንደ ሌሎቹ የአዲስ አበባ ሰፈሮች ሁሉ፣ ትንሽ የሰው ሚዛን መሬት ላይ አስቀምጠው አላፊ አግዳሚውን በጥቂት ብር የሚመዝኑ ልጆች አሉ። ተመዛኙ አብዛኛውን ጊዜ ጫማውን አያወልቅም፤ ካፖርቱንም አያስቀምጥም። ቁጥሩን ግን እንደ ፍርድ ተቀብሎ ይሄዳል። በተለይ ለሴቶች ይህ ፍርድ ከባድ ነው። ሰላምታችን ራሱ ከሰውነት ይጀምራልና፤ «ወፍረሻል»፣ «ከስተሻል» እንባባላለን።

በቀድሞው ትውልድ ዘንድ «ወፈርሽ» ማለት «ኑሮ ተስማማሽ» እንደ ማለት ነበር። አራስን በገንፎና በአጥሚት መንከባከብ፣ ከአራስ ቤት ስትወጣም ሞላ ብላ መታየቷ የቤተሰቡ ክብር ነበር። ኤች አይ ቪ/ኤድስ በከተማችን በተስፋፋባቸው ዓመታት ደግሞ መክሳት ብቻውን ለሐሜት ይዳርግ ነበር። ዛሬ በብዙ ወጣት የከተማ ሴቶች ዘንድ ነገሩ ተገልብጧል፤ ሙሽራይቱ ለቬሎ ስትል ትጾማለች፤ ሞላ ያለችው ልጅ በዘመድ መካከል የቀልድ ማሟሻ ትሆናለች። ሰውነቱ ያው ሆኖ ሳለ ፍርዱ ከዘመን ዘመን ተለዋውጧል።

በዚህ ጽሑፍ ሁለት ጥያቄዎችን በፊዚክስ ዓይን እንመለከታለን። አንደኛው፣ ሚዛኑ በእርግጥ የሚለካው ምንድን ነው? ሁለተኛው፣ ቁጥሩ ወደ ፍርድ የተለወጠው በምን መንገድ ነው? የሚሉት ናቸው።

መጠነ ቁስና ክብደት

እንደሚታወቀው በዕለት ተዕለት ንግግራችን «ክብደት» የምንለው ነገር በፊዚክስ ሁለት የተለያዩ ነገሮች ነው። መጠነ ቁስ በአካሉ ውስጥ ያለው የቁስ ብዛት ሲሆን የሚለካው በኪሎ ግራም ነው። ክብደት ግን መሬት ያንን ቁስ የምትስብበት ኃይል ሲሆን የሚለካው በኒውተን ነው። የመንገድ ዳር ሚዛን የሚያውቀው ሁለተኛውን ብቻ ነው። ከውስጡ ያለው ሞላ ምን ያህል እንደተጨመቀ ያያል፤ ከዚያም የስበቱን መጠን አስቀድሞ እንደሚታወቅ ቆጥሮ በኪሎ ግራም ይናገራል።

ስበቱ ግን በሁሉም ቦታ እኩል አይደለም። 60 ኪሎ ግራም የሆነች ሴት ከመገናኛ ተነሥታ እስከ እንጦጦ ጫፍ ብትወጣ ከመሬት እምብርት ከ600 ሜትር በላይ ስለምትርቅ፣ በሞላ ሚዛን ላይ አሥር ግራም ገደማ «ትቀንሳለች»። ይኸው ሚዛን ወደ ሰሜን ዋልታ ቢወሰድ ከ300 ግራም በላይ «ትጨምራለች»። ጨረቃ ላይ ቢቀመጥማ 10 ኪሎ ግራም ብቻ ያነብባል። በሴትዮዋ ሰውነት ላይ ግን አንዳች ነገር አልተለወጠም።

ከዚህ የሚበልጠው ሁለተኛው ጉድለት ሚዛኑ ዓይነትን አለመለየቱ ነው። ስብ በመጠን ከውኃ ቀለል ያለ ነው፤ በአንድ ኩብ ሴንቲ ሜትር 0.9 ግራም ያህል ይመዝናል። ጡንቻ ደግሞ ከውኃ በጥቂቱ ይከብዳል፤ 1.06 ግራም ገደማ ነው። ሚዛኑ ላይ ግን ስቡም፣ ጡንቻውም፣ አጥንቱም፣ አሁን የተጠጣው አንድ ሊትር ውኃም በአንድነት ተደምረው አንድ ቁጥር ይሆናሉ። በወር አበባ ሰሞን ሰውነት የሚይዘው ውኃ ቁጥሩን ከፍ ቢያደርገው ሚዛኑ «ወፈርሽ» ይላል እንጂ «ውኃ ነው» አይልም።

ቀመሩ ከየት መጣ?

ቁጥሩን ወደ ፍርድ የለወጠው ቀመር በሐኪም ቤት ግድግዳ ላይ ተለጥፎ የምናየው ቢ ኤም አይ የሚባለው ነው። በኪሎ ግራም የተለካውን መጠነ ቁስ፣ በሜትር ለተለካው ቁመት ካሬ ማካፈል ነው። የዓለም ጤና ድርጅት ከ18.5 በታች ያለውን «ቀጭን»፣ ከ25 ጀምሮ ያለውን «ከመጠን በላይ ክብደት»፣ ከ30 ጀምሮ ያለውን ደግሞ «ከልክ ያለፈ ውፍረት» ሲል ይመድበዋል።

የቀመሩ አባት ሐኪም አልነበረም። አዶልፍ ኬትሌ (እ.ኤ.አ. 1796–1874) የቤልጂየም የሂሳብና የሥነ ፈለክ ሊቅ፣ የብራስልስ የሥነ ፈለክ ምርምር ጣቢያ መሥራችም ነበር። እ.ኤ.አ. በ1830ዎቹ የአዋቂ ሰዎች ክብደት በግምት ከቁመታቸው ካሬ ጋር እንደሚያድግ ያስተዋለው እርሱ ነው። ኬትሌ ወደ ሰው ልኬት ይዞት የመጣው የሥነ ፈለክ ዘዴ ስለሆነ፣ ዘዴውን በሚገባ መረዳት ያስፈልጋል።

በእንጦጦ ተራራ ላይ ባሉት ሁለት ባለ 1 ሜትር ቴሌስኮፖች የአንዲትን ኮከብ ሥፍራ መቶ ጊዜ ለካን እንበል። መቶ ጥቂት የተለያዩ ቁጥሮችን እናገኛለን። ኮከቧ ግን አንዲት ናት። ስለዚህ ልዩነቱ የመሣሪያው፣ የአየሩና የተመልካቹ ስህተት ነው። አማካዩ ወደ እውነቱ ይቀርባል፤ ከአማካዩ የራቀው ልኬትም ይበልጥ የተሳሳተው ነው። ልኬቶቹም በአማካዩ ዙሪያ በደወል ቅርጽ ይደረደራሉ።

ኬትሌ ከ5,000 በላይ የሆኑ የስኮትላንድ ወታደሮችን የደረት ስፋት በመደርደር ያንኑ የደወል ቅርጽ አገኘ። ከዚህም ተነሥቶ ተፈጥሮ «አማካይ ሰው»ን ልትሠራ አስባ፣ እያንዳንዱን ሰው ጥቂት ጥቂት እያሳተች እንደሠራችው አድርጎ ቆጠረ። የነገሩ ቁልፍ ያለው እዚህ ላይ ነው። መቶ ሴቶችን መመዘን አንዲትን ሴት መቶ ጊዜ እንደ መመዘን አይደለም። በኮከቧ ልኬት ላይ ልዩነቱ ስህተት ነው፤ በሴቶቹ መካከል ያለው ልዩነት ግን ራሱ እውነቱ ነው። ከበስተኋላው ተደብቆ «ልክ የሆነ» አንድ አካል የለም። ከአማካዩ የራቀችው ሴት የተፈጥሮ ስህተት አይደለችም። ቀመሩ ዛሬም ድረስ ሰውን የሚያሸማቅቀው ይህን ልዩነት በመዘንጋታችን ነው።

ቀመሩ አሁን የያዘውን ስም ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1972 ነው። አሜሪካዊው ተመራማሪ አንሰል ኪስና ባልደረቦቹ ከአምስት አገሮች የተውጣጡ ከ7,000 በላይ ሰዎችን ልኬት አነጻጽረው ከሌሎቹ ቀመሮች ይልቅ ይህ እንደሚሻል ገለጹ። ከተለኩት መካከል አንዲትም ሴት አልነበረችም።

ወሰኖቹም ቢሆኑ እንደ ውኃ መፍያ ነጥብ ያሉ የተፈጥሮ ሕጎች አይደሉም። ለምሳሌ ያህል ቁመቷ 1.60 ሜትር የሆነች ሴት 64 ኪሎ ግራም ብትመዝን ውጤቷ በትክክል 25 ነው። ግማሽ ሊትር ውኃ ከመጠጣቷ በፊት 24.8 ላይ «ጤናማ» ነበረች፤ ከጠጣች በኋላ ወሰኑን ተሻገረች። የዓለም ጤና ድርጅት የባለሙያዎች ጉባኤ እ.ኤ.አ. በ2004 ለእስያ ሕዝቦች 23ን እና 27.5ን ተጨማሪ የጥንቃቄ ነጥቦች አድርጎ ማቅረቡም፣ አንድ ቁጥር ለሁሉም ሕዝብ እኩል ትርጉም እንደማይሰጥ ያሳያል።

አንድ ዳገት፣ ሦስት ሴቶች

ይህንን በየካ ክፍለ ከተማ አናት ላይ ባለው ዳገት እንመልከተው። በእንጦጦ ጎዳና ሦስት ዓይነት ሴቶች ይተላለፋሉ። አንደኛዋ በቀጭኑ አየር ሳንባዋን የምታሠለጥን ሯጭ ናት። ሁለተኛዋ የእንጦጦ ፓርክ በ2013 ዓ.ም. ከተከፈተ ወዲህ «ክብደት ልቀንስ» ብላ በእግሯ የምትወጣ የከተማ ሴት ናት። ሦስተኛዋ ለብዙ ዐሥርት ዓመታት የባሕር ዛፍ ጭራሮና ቅጠል በጀርባዋ አዝላ ወደ ፈረንሳይ ለጋሲዮንና ወደ ኮተቤ ስትወርድ የኖረችው እንጨት ተሸካሚ እናት ናት።

ሦስቱንም የሚገዛው የፊዚክስ ሕግ አንድ ነው። 50 ኪሎ ግራም የሆነች ሴት 600 ሜትር ሽቅብ ብትወጣ በስበት ላይ የምትሠራው ሥራ 50 × 9.8 × 600 = 294,000 ጁል፣ ማለትም 70 ኪሎ ካሎሪ ገደማ ነው። ጡንቻ ከሚያቃጥለው ኢነርጂ ወደ ሥራ የሚለውጠው ሩቡን ያህል ስለሆነ፣ ለሽቅቡ ብቻ 280 ኪሎ ካሎሪ ገደማ ያስፈልጋታል።

እንጨት ተሸካሚዋ ስትመለስ ሸክሟ 30 ኪሎ ግራም ብቻ ነው እንበል። ቁልቁል 80 ኪሎ ግራም ስትወርድ 470,000 ጁል የሚሆን ኢነርጂ ወደ ሙቀት መለወጥ አለበት። የመኪና ፍሬን የሚሠራውን ሥራ እዚህ የሚሠሩት የጭኗ ጡንቻዎች፣ ጉልበቶቿና ወገቧ ናቸው። ይህች ሴት 1.60 ሜትር ብትሆን ቢ ኤም አይዋ 19.5 ነው፤ በሠንጠረዡ ላይ «ጤናማ» ከተባለው ክልል ውስጥ ትገኛለች። ስለ ደም ማነሷ፣ ስለ ወገቧ ሕመምና ስለ ድካሟ ግን ቁጥሩ አንዳች አይናገርም። «ሸንቃጣ» ብሎ ቀጭንነቷን የሚያደንቅ ቢኖር የሚያደንቀው ድካሟንና ረሃቧን ሊሆን ይችላል።

ስለ ተሸካሚ ሴቶች የሚነገር አንድ ዝነኛ ጥናት አለ። እ.ኤ.አ. በ1986 «ኔቸር» በተባለው መጽሔት የወጣው ይህ ጥናት የኬንያ የሉኦና የኪኩዩ ሴቶች ከክብደታቸው እስከ 20 በመቶ የሚደርስ ሸክም ያለ ተጨማሪ ኢነርጂ እንደሚሸከሙ ገለጸ። እ.ኤ.አ. በ2010 በደቡብ አፍሪካ ሴቶች ላይ የተደረገ ጥናት ግን እንዲህ ያለ «ነፃ ሸክም» በአጠቃላይ አላገኘም፤ ያገኘው ከሴት ወደ ሴት ሰፊ ልዩነት መኖሩን ነው። እዚህም ላይ አማካዩ ከደበቀው ይልቅ ልዩነቱ ብዙ ይናገራል።

ለሕዝብ የሚጠቅም፣ ለአንዲት ሴት የማይበቃ

ይህን ስንል ቀመሩ ከንቱ ነው ማለታችን አይደለም። ለብዙ ሕዝብ በአንድነት ሲሠራበት ጠቃሚ መሣሪያ ነው። እ.ኤ.አ. በ2016 በተደረገው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት መሠረት ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 49 ከሆኑት ሴቶች 22 በመቶዎቹ ከ18.5 በታች፣ 8 በመቶዎቹ ደግሞ 25ና ከዚያ በላይ ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ2000 ቁጥሮቹ 30 በመቶና 3 በመቶ ነበሩ። የረሃብ ጥላ ገና ሳይገፈፍ ሌላው ችግር እየመጣ መሆኑን፣ አዲስ አበባም በዚህኛው ቀዳሚ መሆኗን የምናውቀው በዚሁ ቀመር ነው። ብዙ ሰዎች በአንድነት ሲታዩ፣ ቁጥሩ ከፍ ሲል የስኳር በሽታና የደም ግፊት አደጋም ከፍ ማለቱ የተረጋገጠ ነው።

ሆኖም ለሕዝብ የሚሠራ አማካይ ለአንዲት ሴት የሚሰጥ ምርመራ አይሆንም። የአሜሪካ የሐኪሞች ማኅበር እ.ኤ.አ. በ2023 ቢ ኤም አይ ለግለሰብ ብቻውን በቂ መለኪያ እንደማይሆን የሚገልጽ አቋም ወስዷል። የደም ግፊት፣ በደም ውስጥ ያለው የስኳር መጠን፣ የወገብ ዙሪያ፣ የደም ማነስ ምርመራ፤ እነዚህ ሁሉ ከመንገድ ዳሩ ሚዛን የበለጠ ስለ ጤና ይናገራሉ።

«አፍሽን ያዢ» የሚለው ምክርስ?

ብዙዎች ነገሩን እንደ ቀላል ሂሳብ ያዩታል፤ ከገባው የወጣው ከበለጠ ክብደት ይቀንሳል ይላሉ። የኢነርጂ አለመጥፋት ሕግ በእርግጥ በሰውም ላይ ይሠራል። ነገር ግን ወጪው ከገቢው ጋር ይለዋወጣል። ከላይ የጠቀስነው አንሰል ኪስ እ.ኤ.አ. በ1944 እና በ1945 በሚኒሶታ 36 ፈቃደኛ ወንዶችን ለስድስት ወር በቂ ያልሆነ ምግብ እየሰጠ አጥንቷቸው ነበር። ክብደታቸው በሩብ ያህል ቀነሰ። ሰውነታቸው የሚያቃጥለው ኢነርጂ ግን ክብደታቸው ከቀነሰበት መጠን በላይ ወረደ፤ ሐሳባቸው ሁሉ በምግብ ተያዘ፤ ኀዘንና ቁጣ በረታባቸው። እንግዲህ ሰውነት የሚራቆትበትን መዝገብ የሚከላከል ሥርዓት ነው። ምግብ ቀንሳ መልሳ የወፈረችው ሴት «ሰነፍ» ስትባል፣ የተሰደበው ከትውልድ ትውልድ ረሃብን ያሻገረን ተፈጥሮ ነው።

ማሸማቀቅም ቢሆን አያከሳም። እ.ኤ.አ. በ2020 ከልዩ ልዩ አገሮች የተሰባሰቡ ባለሙያዎች «ኔቸር ሜዲስን» በተባለው መጽሔት ባወጡት የጋራ መግለጫ፣ በክብደት ምክንያት ሰውን ማዋረድ ለአካልም ለአእምሮም ጉዳት እንደሚያመጣና ሰዎች ሕክምና እንዳይሹ እንደሚያደርግ አስገንዝበዋል። ሚዛን ላይ ወጥታ እንዳትሰደብ ፈርታ የእርግዝና ክትትሏን ወይም የግፊት ምርመራዋን የተወች ሴት የምትጎዳው በስቧ ሳይሆን በእኛ አፍ ነው።

በአሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1969 የተመሠረተ፣ ለወፍራም ሰዎች መብት የሚሟገት ማኅበር አለ። ከእርሱ ወዲህ በተስፋፋው እንቅስቃሴ ውስጥ ሁለት ሐሳቦች ተቀላቅለው ይቀርባሉ፤ እነርሱን መለየት ተገቢ ይመስለናል። የመጀመሪያው የሰው ክብር በኪሎ ግራም አይለካም የሚለው ነው። ይህ የልኬት ጥያቄ ስላልሆነ ሳይንስ ማረጋገጫም ማፍረሻም አይሰጠውም፤ ልንቀበለው የሚገባ ነው። ሁለተኛው ክብደት ከጤና ጋር ጨርሶ ግንኙነት የለውም የሚለው ነው። ይህ ግን የሚለካ ነገር ነው፤ ልኬቱም አይደግፈውም። የመጀመሪያውን ለመቀበል ሁለተኛውን መቀበል አያስፈልግም። የታመመ ሰውም ክቡር ነው።

ውድ አንባብያን፣ መለኪያን ከልኩ በላይ አለማናገር ከፊዚክስ የመጀመሪያ ትምህርቶች አንዱ ነው። ቴርሞ ሜትር ስለ ግፊት አይጠየቅም። ሚዛንም መሬት በአንድ ቀን፣ በአንድ ቦታ፣ አንድን አካል የሳበችበትን ኃይል ይናገራል፤ ከዚያ ያለፈውን የምንጨምርበት እኛ ነን። እህቶቻችንንና ልጆቻችንን ስናገኝ «ወፈርሽ»ንና «ከሳሽ»ን ትተን «ደኅና ነሽ?» ብንል፣ መልሱን ሚዛን ሳይሆን ራሳቸው ይነግሩናል።