ምክንያትንና ውጤትን ማያያዝ

የምክንያት አንቀጽ ስንጽፍ ያየነውን ከገመትነው መለየት ይገባናል። የሚከተለውን አንብቡ፤

«ፕሌይስቴሽን 2 እ.ኤ.አ. በ2000 ለገበያ ሲቀርብ ጨዋታን ከዲስክ እንዲያነብ የተሠራ ነበር። አንድ ወጣት መሣሪያውን በልዩ ፕሮግራም አሻሽሎ የጨዋታውን ቅጂ ከፍላሽ ሊከፍት ቢሞክር መስኮቱ ጠቁሮ ቀረ። ‹ተበላሽቷል› ብሎ ሊጥለው ተቃርቦ ነበር። ዳሩ ግን ሌሎች ጨዋታዎች ከዚያው ፍላሽ ይከፈቱ ነበርና ጥፋቱ የመሣሪያው አልነበረም። ፋይሉ በፍላሹ ላይ ተበታትኖ ስለ ተጻፈ ፕሮግራሙ አከታትሎ ሊያነበው አልቻለም። ፍላሹን ባዶ አድርጎ ፋይሉን እንደ ገና ቢገለብጥ ጨዋታው ተከፈተ።»

«ነበርና» የሚለው ቃል ፍርዱን እንዴት እንደ ለወጠው ልብ በሉ። በጨዋታው መካከል የሚታየው ፊልም ቢንቀረፈፍ ግን ምክንያቱ ሌላ ነው፤ የመሣሪያው ዩኤስቢ ዝግተኛው 1.1 ነውና።

መልመጃ፦ አንቀጹን ምክንያቱን አስቀድማችሁ፣ ውጤቱን አስከትላችሁ እንደ ገና ጻፉ።