ወደ ሞንሴጉር አምባ ለሚወጡ

ሞንሴጉር በደቡብ ፈረንሳይ፣ በፒሬኔ ተራሮች ግርጌ ያለች፣ ነዋሪዋ ከመቶ ብዙም የማያልፍ መንደር ናት። እንግዳ የሚጎርፍላት ከራስጌዋ ላለው ፍርስራሽ ምሽግ ሲል ነው። ምሽጉ የተቀመጠው 1,207 ሜትር ከፍታ ባለው ገደላማ ዓለት አናት ላይ ነው፤ መቅደላን ወይም አምባ ግሸንን ያየ ሰው ቦታው ለምን እንደተመረጠ ማንም ሳይነግረው ይገባዋል።

ከቱሉዝ እስከ ፉዋ ባቡር አለ። ከዚያ ወዲያ መኪና ይከራዩ፤ አውቶቡስ ተማምኖ መውጣት አያዋጣም። ከማቆሚያው እስከ ምሽጉ ለደህና እግረኛ ግማሽ ሰዓት ቢሆን ነው፤ ግን ዳገቱ ቀጥ ያለ ነው፤ ድንጋዩም ዝናብ ሲነካው ያንሸራትታል፣ ሲወርዱ ይብሳል። የማያንሸራትት ጫማ ያድርጉ፣ ውሃ ከታች ይያዙ፤ ሰማዩ ካጉረመረመ ይቅርብዎ።

ታዲያ ሽቅብ አይቸኩሉ። መንገዱ ሲጀምር ባለው መስክ ላይ በ1960 እ.ኤ.አ. የቆመ የካታሮች መታሰቢያ የድንጋይ ሐውልት አለ። ካታሮች የሚታየውን ዓለም የፈጠረው ክፉ ኃይል ነው የሚሉ ክርስቲያኖች ነበሩ፤ የሮማ ቤተ ክርስቲያንም በመናፍቅነት አወገዘቻቸው። መሪዎቻቸው ሥጋ፣ ወተትና እንቁላል አይቀምሱም፣ ዓሣ ግን ይበሉ ነበር (የእኛ ሰው በጾም የሚከራከርበትን ጉዳይ እነሱ ቀድመው ጨርሰውታል)። ምሽጉ ውስጥ በተጠለሉት ካታሮች ላይ በ1243 የጀመረው ከበባ አሥር ወር ያህል ቆይቶ ምሽጉ እጅ ሲሰጥ የሁለት ሳምንት ጊዜ ተሰጣቸው፤ ተዋጊዎቹና እምነቱን የሚክድ ሁሉ በነፃ ሊሄድ። በእነዚያ ቀናት ውስጥ ሃያ ያህል ሰዎች፣ ወታደሮችም ጭምር፣ መሄድ እየቻሉ የካታሮችን ሥርዓት ተቀብለው ቀሩ። ማርች 16 ቀን 1244 ከሁለት መቶ በላይ ሰው በእሳት ተቃጠለ፤ በዚሁ መስክ እንደሆነ ይነገራል።

የመግቢያ ትኬቱ ከመስኩ አለፍ ብሎ ይቆረጣል። ላይ ሲደርሱ ግንቡን አይተው “ካታሮች የተዋጉበት ይህ ነው” እንዳይሉ፤ አሁን የቆመው አሸናፊዎቹ በኋላ የሠሩት ነው። የካታሮቹን ኑሮ ለማየት ከግንቡ ውጭ በሰሜን በኩል ይዙሩ። ገደሉ አፋፍ ላይ በእርከን የተደረደሩ የጠባብ ቤቶች መሠረት ያገኛሉ፤ ለእኔ ከግንቡ ይልቅ እሱ ያወራል።

ከቁፋሮ የተገኙት ዕቃዎች መንደሯ ውስጥ ባለው ትንሽ ሙዚየም ናቸው፤ ከወረዱ በኋላ ቢያዩት ይሻላል። ጊዜ ከተረፈዎ በቤሌስታ አጠገብ ወዳለው የፎንቴስቶርብ ምንጭ ይለፉ። ውሃ በሚያንስበት በበጋቸው ምንጩ በየተወሰነ ጊዜ ይሞላል፣ ይጎድላል፤ ሲጎድል በድንጋዮቹ ተረማምዶ ወደ ዋሻው መግባት ይቻላል፣ ሳይሞላ ለመውጣት ግን ይፍጠኑ።