ትምህርት 14፦ የሕይወት ታሪክ አጻጻፍ

የአንድን ሰው የሕይወት ታሪክ ስትጽፉ፣ ምስጋና ከማብዛት ይልቅ ሥራውን በጊዜ ቅደም ተከተል አስፍሩ። ከዚህ ቀጥሎ ያለውን ምንባብ በጥሞና አንብቡ፤ ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ዲክሲ ዲን በ1907 ዓ.ም. በርከንሄድ በተባለች የእንግሊዝ ከተማ ተወለደ። በ1925 ዓ.ም. የኤቨርተን እግር ኳስ ክለብ በ3,000 ፓውንድ ገዛው። በተከታዩ ዓመት በሞተር ብስክሌት አደጋ የራስ ቅሉ ተሰነጠቀ፤ ሐኪሞችም ዳግመኛ ኳስ መጫወቱን ተጠራጠሩ። ሆኖም ከጥቂት ወራት በኋላ ወደ ሜዳ ተመለሰ። በ1928 ዓ.ም. የሊጉ የመጨረሻ ግጥሚያ ሲደርስ 57 ግቦች አስቆጥሮ ነበር። ጆርጅ ካምሰል ከአንድ ዓመት በፊት በ59 ግቦች ያስመዘገበውን ክብረ ወሰን ለመስበር ሦስት ግቦች ቀሩት። ከአርሰናል ጋር በተደረገው በዚሁ ግጥሚያ ሦስቱንም አስቆጠረ። ያን ጊዜ የ21 ዓመት ወጣት ነበር። በዚያ ዘመን የአንድ ተጫዋች ደመወዝ በሳምንት ከ8 ፓውንድ እንዳይበልጥ በደንብ ተወስኖ ነበር። ዲን በ1980 ዓ.ም. በኤቨርተን ሜዳ ግጥሚያ ሲመለከት ዐረፈ። 60 ግቦቹን ግን በእንግሊዝ ሊግ እስከ ዛሬ ማንም አልደረሰባቸውም።

ልብ በሉ፤ በምንባቡ ውስጥ «ጎበዝ» የሚል ቃል የለም። ጉብዝናውን የሚመሰክሩት ቁጥሮቹና «ሆኖም» የተባለው መስተጻምር ናቸው። አደጋው ባይጠቀስ ኖሮ የድሉ ክብደት ባልታወቀ ነበር።

መልመጃ
1. «ሆኖም» ቢወጣ ምንባቡ ምን ይጎድለዋል?
2. ችግርን አሸንፎ ለቁም ነገር ስለ በቃ ሰው አንድ አንቀጽ ጻፉ፤ «ታላቅ» እና «ድንቅ» የሚሉትን ቃላት ግን አትጠቀሙ።